ፊቱ የማይታይ ተዋናይ፦ የምሽት ቤት ቀልድና የካርቱን ድምፅ ሙያ

የድምፅ ተዋናይ የሚባለው ፊቱን ሳያሳይ በድምፁ ብቻ ገጸ ባሕርይ ፈጥሮ፣ ያንን ድምፅ ለተሣለ ሥዕል፣ በእጅ ለሚንቀሳቀስ አሻንጉሊት ወይም በሌላ ቋንቋ ለተናገረ ተዋናይ የሚያውስ ባለሙያ ነው። ካርቱን ወይም አኒሜሽን የሚባለው ደግሞ እርስ በርሳቸው በጥቂቱ ብቻ የሚለያዩ ሥዕሎች በሲኒማ ልማድ በሴኮንድ 24 እየሆኑ ሲከታተሉ፣ ዐይን የቆሙ መሆናቸውን ስቶ ሕይወት እንዳላቸው አድርጎ የሚያያቸው የፊልም ዓይነት ነው። የምሽት ቤት ቀልደኛ ሰዎች ከሥራ በኋላ ሊበሉ፣ ሊጠጡና ሊጫወቱ በሚሰባሰቡበት ቤት ከፊታቸው ቆሞ በቃሉ የሚያስቃቸው ነው። አንደኛው በአብዛኛው ለሕፃናት፣ ሁለተኛው ለዐዋቂዎች፤ አንደኛው በዝግ ክፍል፣ ሁለተኛው በጫጫታ መካከል ስለሚሠራ ሁለቱ ሙያዎች የማይተዋወቁ ይመስላሉ። ታሪካቸው የሚያሳየው ግን ሌላ ነው፤ በካርቱን ድምፅ ስማቸው የገነነ ሰዎች ችሎታቸውን ይዘው የመጡት ከሕያው አድማጭ ፊት ሲሆን፣ ማይክሮፎን ያንን ተቀበለ እንጂ አላስተማረም። ይህ ከሆነ ደግሞ ከጎንደር እስከ ዳባት፣ ከደባርቅ እስከ በየዳ ያለው አገር በዚህ ሙያ ባዶ እጁን አይደለም፤ አዝማሪን ያፈራ አገር የድምፅ ተዋናይን ትምህርት ቤት ካቆመ ዘመናት አልፈዋል። የጎደለው ከዚያ ቤት ወደ መቅረጫ ክፍል የሚያሻግረው መንገድ ነው።

ስለ ሙያው ከመናገር በፊት ስለ መሣሪያው ጥቂት ማለት ያስፈልጋል። የሰው ድምፅ የሚወለደው ሳንባ የሚገፋው አየር በማንቁርት ውስጥ ያሉትን የድምፅ አውታሮች ሲያርገበግብ ነው፤ የተወለደው ድምፅ ቅርጽ የሚይዘው ግን በጉሮሮ፣ በአፍ፣ በአፍንጫ፣ በምላስና በከንፈር ነው። የድምፅ ተዋናይ ሽማግሌ፣ ሕፃን ወይም እንስሳ ለመሆን የሚለውጠው እነዚህን ክፍሎች ነው፤ ማንቁርቱን ወደ ታች ሲያወርድ ድምፁ ይወፍራል፣ ወደ ላይ ሲያነሣ ይቀጥናል፣ አየሩን ወደ አፍንጫው ሲመራ ሌላ ሰው ይሆናል። በዚህ ረገድ የሰሜን ተራራ እረኛ በየዕለቱ ሲሰማው የኖረ፣ ሳይንስ ግን በቅርቡ የመዘገበው ነገር አለ። የሚሺጋን ዩኒቨርሲቲው ተመራማሪ ቶር በርግማን በሰሜን ተራሮች ባጠኑትና እ.ኤ.አ. በ2013 ባሳተሙት ጽሑፍ፣ ወንዱ ጭላዳ ሴቷን ሲቀርብ ከንፈሩን እያማታ የሚያሰማው ድምፅ በሴኮንድ ከስድስት እስከ ዘጠኝ ጊዜ የሚመታ መሆኑንና ይህም ከሰው ንግግር ምት ጋር የሚቀራረብ መሆኑን አሳይተዋል። ሌሎች ብዙ የዝንጀሮ ዓይነቶች ከንፈራቸውን ያማታሉ፤ ጭላዳ ግን በዚያው ላይ ድምፅ ይጨምርበታል። ገደል ዳር ተቀምጦ የጭላዳ መንጋ ሲያወራ የሰማ ልጅ፣ ከኋላው ሰው ያለ መስሎት ዞር ማለቱ የጆሮው ስሕተት እንዳልሆነ ከዚህ ይታወቃል፤ ያንን ድምፅ አስመስሎ ጓደኞቹን የሚያስቅ ልጅም የሙያውን የመጀመሪያ ደረጃ ጀምሮታል።

ከልጅነት ማስመሰል ወደ ሙያ የሚያደርሰው በዚህ አገር ረጅሙና የተፈተነው መንገድ አዝማሪነት ነው። በጎንደር አካባቢ ቡርቧክስን በመሰሉ የአዝማሪ መንደሮች ሙያው ከአባት ወደ ልጅ ሲተላለፍ ኖሯል፤ ልጁ ማሲንቆ ይዞ ከዘመዶቹ ጋር ከሰርግ ወደ ሰርግ፣ ከጠጅ ቤት ወደ ጠጅ ቤት እየዞረ፣ በመጽሐፍ ያልተጻፈ ትምህርት በጆሮው ይማራል። አዝማሪዎች ባዕድ ሰው የማይሰማው የእርስ በርስ መግባቢያ ቋንቋም አላቸው፤ በዚህ ቋንቋ በአድማጩ ፊት ሆነው ስለ አድማጩ ይመካከራሉ፣ ማን ቸር እንደሆነ፣ ማን ሊቆጣ እንደሚችል፣ መቼ ማብቃት እንደሚገባ ይነጋገራሉ። ቤቱን ማንበብ የቀልደኛ ሁሉ የመጀመሪያ ጥበብ ነው፤ አዝማሪዎች ለዚህ ሥራ የራሳቸውን ቋንቋ እስከ መፍጠር መድረሳቸው ሙያው ምን ያህል የጠለቀ እንደሆነ ይመሰክራል።

በአዝማሪ ቤት የሚደረገውን ቀረብ ብሎ ለተመለከተ፣ የሥራው ክብደት የሚታየው እንግዳው «ተቀበል!» ሲል ነው። አዝማሪው በቆዳ በተለበጠው ሣጥን ላይ የተወጠረውን አንድ የፈረስ ጭራ ገመድ መምታቱን ሳያቋርጥ፣ ከጠረጴዛው ማዶ በጫጫታ መካከል የሚወረወርለትን ግጥም ይሰማል፤ ስንኙ ቢሰበር ያቃናዋል፣ ቤት ባይመታ ቤት ያስመታዋል፣ ስድብ ካለበት ወይ ያለዝበዋል ወይ ወደ ሌላው ጠረጴዛ ያዞረዋል፣ ከዚያም የሰጪው ራሱ ግጥም ከሰጪው ይልቅ ያማረ ሆኖ በዜማ ይመለሳል። ይህ ሁሉ የሚሠራው ማሲንቆው አንድ ዙር እስኪመለስ ባለው ጊዜ ውስጥ ነው። በመካከሉ የቄሱን፣ የነጋዴውን፣ የሹሙን፣ የሰከረውን ሰው ድምፅ እየቀያየረ ያስገባል፤ ሴት አዝማሪ ከጎኑ ካለች እሱ የጀመረውን እሷ ገልብጣ ትመልስበታለች፤ አድማጩም ሁለቱ ሲወራረፉ የትኛው እንደሚረታ እያየ ይስቃል። ሰምና ወርቅ የሚባለው የአነጋገር ስልት፣ ማለትም በላዩ አንድ ነገር ብሎ በውስጡ ሌላ ነገር ማስተላለፍ፣ አዝማሪው ባለሥልጣንን እንኳ ፊት ለፊት ሳይነካ እንዲነካ ያስችለዋል። የዚህ ድፍረት ዋጋ ቀላል አልነበረም፤ በጣሊያን ወረራ ዘመን ወራሪውን በግጥማቸው የነኩ አዝማሪዎች በሞት ተቀጥተዋል። ምዘናውም እዚያው ነው፤ ያሳቀ አዝማሪ ብር ግንባሩ ላይ ይለጠፍለታል፣ ያላሳቀው ባዶውን ያድራል። በየሌሊቱ እንዲህ የሚፈተን ባለሙያ ያለው አገር ቀልደኛ ከየት ይገኛል ብሎ አይቸገርም። በአንጻሩ ይህን ሙያ ያሳደገው ኅብረተሰብ ባለሙያውን ዝቅ አድርጎ ሲመለከት መኖሩ ያሳዝናል፤ በሰርጉ ቀን ያለ አዝማሪ ደስታው የማይሞላለት ሰው፣ ልጁን ለአዝማሪ ልጅ ለመዳር ሲያመነታ ኖሯል።

ከዚህ ባህላዊ ቤት ውጭ፣ ዘመናዊው መድረክ፣ ሬዲዮና ቴሌቪዥን ከመጡ በኋላ የሁለቱን ሙያዎች ጠባይ በአንድ ሰው ያዋሐዱት ታላቁ ኢትዮጵያዊ አርቲስት ተስፋዬ ሣህሉ ናቸው፤ ሕዝቡ የሚያውቃቸው አባባ ተስፋዬ ተብለው ነው። በባሌ ተወልደው ወደ አዲስ አበባ ከመጡ በኋላ በማዘጋጃ ቤት፣ ቀጥሎም በ1948 ዓ.ም. በተከፈተውና ዛሬ ብሔራዊ ቴአትር በሚባለው በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር ሠርተዋል። በዚያ ዘመን ሴት መድረክ ላይ መውጣቷ ነውር ይቆጠር ስለነበር የሴት ገጸ ባሕርያትን የሚጫወቱት ወንዶች ነበሩ፤ ተስፋዬ ሣህሉም ሴት ሆነው ተውነዋል። ይህ እንደ ቀላል ነገር መታለፍ አይገባውም፤ ወንድ ተዋናይ በልብስና በቀለም ዐይንን ሊያታልል ይችላል፣ ጆሮን የሚያታልለው ግን ድምፁን ከሥሩ የለወጠ ብቻ ነውና፣ የሴት ገጸ ባሕርይ የድምፅ ትወና ጥብቅ ፈተና ነበር። የኢትዮጵያ ጦር በኮሪያ በዘመተ ጊዜም ወታደሮቹን ለማዝናናት እስከዚያው ድረስ ሄደዋል። ከትውልድ አገሩ እጅግ የራቀን፣ የሞተ ጓደኛውን የቀበረን ወታደር ማሳቅ ከማንኛውም የምሽት ቤት መድረክ የከበደ ሥራ መሆኑ ግልጽ ነው። በዚህ ላይ ምትሃት፣ ማለትም በእጅ ፍጥነትና በዐይን ማታለል የሚሠራውን ትርኢት፣ ያውቁ ነበር።

የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ጥቅምት 23 ቀን 1957 ዓ.ም. ሥራ ሲጀምር አባባ ተስፋዬ የሕፃናቱን ዝግጅት ያዙ፤ ከአርባ ዓመት በላይም ይህን ሥራ ሳይለቁ ቆዩ። ሕፃናቱን የዛሬ አበባዎችና የነገ ፍሬዎች እያሉ እየጠሩ፣ ተረት የሚያወሩት ከአንድ ወንበር ላይ ሆነው ነበር፤ በዚያ ስቱዲዮ ሥዕል የሚንቀሳቀስበት ሀብትም መሣሪያም አልነበረምና ካርቱኑን የሚተካው ድምፃቸው ነበር። አንበሳው ሲናገር የሚወፍረው፣ ጦጣዋ ስትመልስ የሚቀጥነውና የሚፈጥነው፣ አሮጊቷ ስትማለል የሚንቀጠቀጠው ድምፅ ከአንድ ጉሮሮ ይወጣ ነበር፤ በጥቁርና ነጭ መስኮት ፊት የተቀመጠው ሕፃንም ሥዕሉን በራሱ ልብ ይሥል ነበር። ዛሬ ሥዕሉ ተዘጋጅቶ የሚቀርብለት ልጅ ይህን ግማሽ ሥራ አይሠራም። አባባ ተስፋዬ ሐምሌ 24 ቀን 2009 ዓ.ም. ከዚህ ዓለም በሞት ሲለዩ፣ አያት የሆኑና ገና ወላጅ የሆኑ ሰዎች አንድ ላይ ያዘኑላቸው ሁሉም በልጅነታቸው ያንን ድምፅ ስለሚያውቁ ነው። ይህን ያህል ትውልድ በአንድ ድምፅ ያሳደገ ሰው በየትኛውም አገር ቢሆን ብርቅ ነው።

በዐዋቂዎች ቀልድ በኩል ደግሞ ከ1980ዎቹ ዓ.ም. ጀምሮ በመድረክ፣ በቪዲዮ ካሴትና በቴሌቪዥን የታወቁት አለባቸው ተካና ልመነህ ታደሰ፣ ደረጀ ኃይሌና ሀብቴ ምትኩ፣ ከእነሱም ጋር ክበበው ገዳ፣ ቀልድን ራሱን የቻለ የከተማ ሙያ አደረጉት። በጥንድ መሥራት የአዝማሪውን መወራረፍ ወደ ንግግር ያመጣ ስልት ሲሆን፣ ከጥንዱ አንዱ የሚያስቀው ሌላው ባለማወቅ ወይም በመቆጣት ሲያመቻችለት ብቻ ነው።

በውጭው ዓለም የካርቱን ድምፅ አባት ተደርጎ የሚታየው አሜሪካዊው ሜል ብላንክ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1908 ተወልዶ በ1989 ሞተ። ሙያውን የተማረው በሬዲዮ ነበር፤ በአንድ ታዋቂ የቀልድ ዝግጅት ላይ የአሮጌ መኪና ሞተር ድምፅ የሚያሰማው መሣሪያ እምቢ ባለ ጊዜ ማይክሮፎኑን ይዞ በአፉ እያሳለ፣ እያነጠሰና እየተንፈራገጠ መኪናውን ራሱ ሆነ፤ ከዚያ በኋላ መሣሪያው ቀርቶ እሱ የመኪናው ድምፅ ሆኖ ቀረ። በዋርነር ብራዘርስ ካርቱኖች ባግስ በኒ የተባለውን ጥንቸል፣ ዳፊ ዳክ የተባለውን ዳክዬ፣ ፖርኪ የተባለውን አሳማ በድምፁ ሕያው አደረጋቸው። ለጥንቸሉ ሲናገር ጥሬ ካሮት ያኝክ ነበር፤ ሌላ አትክልት ተሞክሮ የካሮትን ድምፅ የሚሰጥ ስላልተገኘ፣ አኝኮ እየተፋ ቃሉን ይቀጥል ነበር። እ.ኤ.አ. ጥር 1961 በሎስ አንጀለስ የመኪና አደጋ ደርሶበት ለሁለት ሳምንት ያህል ራሱን ሳያውቅ ሲቆይ፣ በስሙ ሲጠሩት መልስ ያልሰጠው ሰው ሐኪሙ «ባግስ በኒ፣ ዛሬ እንዴት ነህ?» ብሎ ሲጠይቀው በጥንቸሉ ድምፅ መለሰ። ለብዙ ወራትም ተኝቶ ሳለ የመቅረጫ መሣሪያው አልጋው ድረስ እየመጣለት ሠርቷል። ስለ ገጸ ባሕርይ ሥርጸት ብዙ ቢጻፍም፣ የገዛ ስሙን ያልሰማ ሰው የፈጠረውን ገጸ ባሕርይ ስም መስማቱ ከሁሉም በላይ ጉዳዩን ያብራራል።

የምሽት ቤት ቀልድና የካርቱን ድምፅ ዝምድና በግልጽ የታየው ግን በሮቢን ዊልያምስ ነው። እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ በሳን ፍራንሲስኮ ትንንሽ የቀልድ ቤቶች፣ ስታንድ አፕ በሚባለው ስልት፣ ማለትም ያለ አጋርና ያለ መድረክ ዕቃ ማይክሮፎን ብቻ ይዞ በመቆም፣ በአንድ ደቂቃ ውስጥ አሥር ሰው እየሆነ ስሙን አተረፈ። ዲዝኒ «አላዲን» የተባለውን ካርቱን ሲያዘጋጅ የጂኒውን፣ ማለትም በታሪኩ ውስጥ ከፋኖስ የሚወጣውን መንፈስ፣ ድምፅ እንዲሠራ ሊያግባባው የፈለገው ሠዓሊ ኤሪክ ጎልድበርግ የመረጠው ዘዴ ተራ ማባበል አልነበረም፤ ከቀልደኛው የተቀረጸ የመድረክ ሥራ ላይ ጥቂት ወስዶ፣ ለዚያ ድምፅ ጂኒውን ሣለለትና አሳየው። ዊልያምስም በራሱ ድምፅ የሚናገር ሌላ ፍጡር አይቶ ሥራውን ተቀበለ። መቅረጫ ክፍል ገብቶም በጽሑፍ ከተሰጠው አልፎ ብዙ ሰዓት ከአፉ ያመጣውን ተናገረ፤ ሠዓሊዎቹም ከዚያ ውስጥ እየመረጡ ሣሉ። ፊልሙ እ.ኤ.አ. በ1992 ወጣ። በእንዲህ ያለው አሠራር ድምፁ ቀድሞ ይቀረጻል፣ ሥዕሉ ድምፁን ይከተላል፤ ስለዚህ የጂኒው እጅ መወርወርና ቅንድብ መነሣት ሁሉ በምሽት ቤት የተማረ ሰው ትንፋሽ የወለደው ነው። «ተቀበል!» ሲባል ያለ ዝግጅት የሚመልስ አዝማሪ በዚህ ክፍል ውስጥ ቢቆም ሥራው እንግዳ አይሆንበትም።

በኢትዮጵያ የተቀረጸ የድምፅ ትወና ሦስት ምዕራፎች አሉት። የመጀመሪያው የሬዲዮ ድራማ ነው፤ ለአብነት ከ1994 እስከ 1997 ዓ.ም. በ257 ክፍሎች የተላለፈው «የቀን ቅኝት» የቤተሰብ ምጣኔንና የኤች አይ ቪን ጉዳይ በትወና ሲያስተምር፣ መብራት ባልገባበት ገጠር ድረስ በድንጋይ ባትሪ በሚሠራ ሬዲዮ ተሰምቷል። ሁለተኛው የሕፃናት ዝግጅት ሲሆን፣ መምህርት የነበሩት ወይዘሮ ብሩክታዊት ጥጋቡ ከባለቤታቸው ጋር ሆነው «ፀሐይ መማር ትወዳለች» የተባለውን ዝግጅት በ1999 ዓ.ም. ግድም በቴሌቪዥን አቀረቡ። ፀሐይ በእጅ የምትንቀሳቀስ ቀጭኔ ናት፤ ድምፅዋም የወይዘሮ ብሩክታዊት የራሳቸው ነው። በቤታቸው ሳሎን የተጀመረው ይህ ሥራ እ.ኤ.አ. በ2008 የጃፓን ሽልማት የተባለውን ዓለም አቀፍ የትምህርታዊ ዝግጅት ሽልማት አገኘ፤ አዘጋጇም እ.ኤ.አ. በ2010 ከሮሌክስ ወጣት ተሸላሚዎች አንዷ ሆኑ። ሦስተኛው ምዕራፍ ቃና ቴሌቪዥን በ2008 ዓ.ም. ሲጀምር የመጣው ዳቢንግ ነው፤ ይህም በሌላ ቋንቋ የተሠራን ፊልም በአማርኛ ድምፅ ማልበስ ማለት ነው። የአገር ውስጥ ኪነ ጥበብ ባለሙያዎች የውጭ ድራማ ገበያቸውን እንደሚሻማ ገልጸው ተቃውመውት ነበር፤ ሥጋታቸው መሠረት ነበረው። ሆኖም በርካታ ወጣቶች የድምፅ ትወናን የዕለት እንጀራቸው ያደረጉት በዚያ ምክንያት መሆኑም ሊካድ አይገባም።

ዳቢንግ ከካርቱን ድምፅ ይልቅ እስራት የበዛበት ነው፤ ሥዕሉ ቀድሞ ስላለ ቃሉ ወደ ከንፈሩ ይሄዳል እንጂ ከንፈሩ ወደ ቃሉ አይመጣም። በማያ ገጹ ላይ ያለው ሰው ከንፈሩን ሲገጥም ተርጓሚው በዚያ ቅጽበት መ፣ በ፣ ፐ ወይም ጰ ያለበት ቃል ማስገባት አለበት፤ እነዚህ ድምፆች ከንፈር ሳይገጥም አይወጡምና። አማርኛ በተለይ የሚጠይቀው ሌላም ነገር አለ፤ ፊደላችን ማጥበቅና ማላላትን አያመለክትም፣ ግሡም ዐረፍተ ነገሩን የሚዘጋው በመጨረሻ ነው። ስለዚህ ጽሑፉን አስቀድሞ ያላነበበ ተዋናይ የትኛው ፊደል እንደሚጠብቅ ሳያውቅ አፉን ይከፍታል፣ ቁጣው የት ላይ እንደሚወድቅም ሳያውቅ ይቆጣል። የአነጋገር ዘዬም ያልተነካ ሀብት ነው። እስካሁን በአማርኛ የተሠሩ የካርቱንና የዳቢንግ ድምፆች በአብዛኛው የሚናገሩት የአዲስ አበባን አማርኛ ነው፤ የጎንደር፣ የሰሜን፣ የወሎ፣ የጎጃም ሰው ከገባም ብዙ ጊዜ የሚገባው ለመሳቂያ ገጠሬ ነው። በየዳ ወይም ዳባት ያለ ሕፃን አያቱ በምትናገርበት ዜማ ጥበበኛውን፣ ሐኪሙን ወይም ጀግናውን የሚናገር ካርቱን ሊሰማ ይገባዋል፤ ያንን ድምፅ ከእሱ አገር ሰው የተሻለ የሚያመጣው የለም።

ከአዝማሪ ቤት ወደ መቅረጫ ክፍል የሚሻገር ሰው አዲስ መማር ያለበት ጥቂት ነገር ነው። ማይክሮፎን ጩኸትን አይወድም፤ በጫጫታ ቤት ላይ ድምፁን ማሳለፍ የለመደ ሰው ከአንድ ስንዝር ርቀት በሹክሹክታ መቆጣትን መልመድ አለበት። ዛሬ የፈጠረውን ድምፅ ከወር በኋላ ሳይለውጥ ማምጣት፣ የራሱን የቀድሞ ቅጂ እየሰማ ማስተካከል ያስፈልገዋል። ከሁሉ የሚከብደው ሳቅ የሌለበት ክፍል ነው፤ የሚሸልመው እንግዳ በሌለበት፣ ከመስታወት ማዶ አንድ ቀራጭ ብቻ ተቀምጦ ሲያይ፣ አድማጩን በልቡ ፈጥሮ ለእሱ መሥራት ግድ ይለዋል። ይህን የሚችለው ደግሞ እውነተኛውን አድማጭ ብዙ ሌሊት ያየ ሰው ነው።

የፊት አለመታየት የሚያስከትለው ሌላ ጉዳት የባለቤትነት ጥያቄ ነው። ሜል ብላንክ የደመወዝ ጭማሪ ጠይቆ በተከለከለ ጊዜ በምትኩ ያገኘው ስሙ በፊልሙ ላይ እንዲጻፍ መብት ሲሆን፣ ከዚያ በፊት ሚሊዮኖች የሚያውቁት ድምፅ ባለቤት አልነበረውም። ሮቢን ዊልያምስ «አላዲን»ን በአነስተኛ ክፍያ ሲሠራ ድምፁ ዕቃ ለመሸጥ እንዳይውል ጠይቆ ነበር፤ ስምምነቱ አልተጠበቀም ብሎ ከዲዝኒ ኩባንያ ጋር ተቀያይሞ፣ ኩባንያው በኋላ በይፋ ይቅርታ ጠይቆታል። በኢትዮጵያ የቅጅና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ተዋናይን፣ ዘፋኝንና ሙዚቀኛን በአንድነት ከዋኝ ብሎ ይጠራል፤ ክዋኔው ያለ ፈቃዱ እንዳይቀረጽና እንዳይባዛ የመከልከል መብት ይሰጠዋል፣ ጥበቃውም 50 ዓመት ይቆያል። ይህ ሕግ ሲወጣ ኮምፒውተር ከጥቂት ደቂቃ ቅጂ ተነሥቶ የሰውን ድምፅ አስመስሎ እንዲናገር ማድረግ አልተለመደም ነበር፤ ዛሬ ግን ተለምዷል፤ የአሜሪካ የቪዲዮ ጌም ድምፅ ተዋንያን ከእ.ኤ.አ. ሐምሌ 2024 ጀምሮ ለአንድ ዓመት ያህል ሥራ ያቆሙት በዋናነት በዚህ ምክንያት ነው። እንግዲህ ከደባርቅም ሆነ ከዳባት ተነሥቶ ወደ ስቱዲዮ የሚገባ ወጣት ከመፈረሙ በፊት በውሉ ላይ በጽሑፍ ሊያገኛቸው የሚገቡ ነገሮች አሉ፤ ስሙ በሥራው መጨረሻ ላይ እንደሚወጣ፣ ድምፁ ለየትኛው ሥራና ለስንት ዓመት እንደተሸጠ፣ ለማስታወቂያ ቢውል ለብቻው እንደሚከፈለው፣ እንዲሁም ድምፁን ኮምፒውተር እንዲያስመስለው ያለ አዲስ ፈቃድና ያለ አዲስ ክፍያ መስጠት የማይቻል መሆኑ።